የቤት ብድር እስከ መጨረሻው ስንት ያስከፍላል? ከመፈረማችሁ በፊት ራሳችሁ የምትሠሩት ሒሳብ

ደብረ ማርቆስ ውስጥ ሠርግ ብሄድም፣ ዕድር ብገኝም አንድ ጥያቄ አይቀርልኝም። «ባንኩ አንድ ሚሊዮን ብር ሊሰጠኝ ነው። በወር አሥራ አራት ሺህ ገደማ ክፈል ብሎኛል። ያዋጣኛል?» ይሉኛል። መልሴ ሁልጊዜ አንድ ነው። የወሩን ክፍያ ለጊዜው ተዉትና እስከ መጨረሻው ከኪሳችሁ የሚወጣውን አስሉ። ይህን ለመሥራት የባንክ ሠራተኛ መሆን አያስፈልግም። መደመርና ማባዛት የሚችል ሰው በአንድ ከሰዓት በኋላ ይጨርሰዋል።

ምሳሌዎቹን ሁሉ የምሠራው በ1,000,000 ብር ብድርና በ16 በመቶ ዓመታዊ ወለድ ነው። የእናንተ ብድር 2 ሚሊዮን ከሆነ ውጤቱን በ2 አባዙት። ወለዳችሁ ሌላ ከሆነ ደግሞ ደረጃ 2 ላይ ያለውን ሰንጠረዥ ተጠቀሙ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ባንኩ ብድሩን መፍቀዱን የገለጸበት ደብዳቤ ወይም የውሉ ረቂቅ
- ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ወር ያለው የክፍያ ሰንጠረዥ (የመጀመሪያውን ገጽ ብቻ አትቀበሉ)
- ባንኩ የሚያስከፍላቸው የአገልግሎት ክፍያዎች ዝርዝር
- የቤቱ ወይም የቦታው ካርታ ቅጂ፤ ቦታው በሊዝ የተያዘ ከሆነ የሊዝ ውሉም
- ያለፉት 12 ወራት ገቢና ወጪያችሁ፣ በግምትም ቢሆን ወር በወር የተጻፈ
- ካልኩሌተር (የስልካችሁ ይበቃል)፣ ደብተርና እርሳስ

ደረጃ 1፦ ወለዱ እንዴት እንደሚሰላ በጽሑፍ ተቀበሉ

«ወለዱ ስንት ነው?» ብላችሁ ብቻ አትመለሱ። ዋናው ጥያቄ «በምን ላይ ነው የሚሰላው?» የሚለው ነው። ሁለት ዓይነት አለ። አንደኛው እየቀነሰ በሚሄደው ቀሪ ዕዳ ላይ የሚሰላ ነው። ሁለተኛው እስከ መጨረሻው በመጀመሪያው ብድር ላይ ሳይቀንስ የሚሰላ ነው።

ልዩነቱን እዩት። አንዱ አበዳሪ «10 በመቶ ብቻ» ይላችኋል፤ ሳይቀንስ፣ ለ10 ዓመት። በዓመት 100,000 ብር፣ በ10 ዓመት 1,000,000 ብር ወለድ ማለት ነው። ከዋናው ጋር 2,000,000። ለ120 ወር ሲካፈል በወር 16,667 ብር ይመጣል። ሌላው ደግሞ «16 በመቶ» ይላል፤ በቀሪ ዕዳ ላይ። እሱም ለ10 ዓመት በወር 16,751 ብር ነው። ጆሮ ላይ 6 በመቶ የሚራራቁት ብድሮች ኪስ ላይ ሲደርሱ በ84 ብር ብቻ ይለያያሉ። ስለዚህ ስሌቱን ሳታውቁ ሁለት አበዳሪዎችን በመቶኛ አታወዳድሩ።

በዚሁ ወረቀት ላይ ሁለት ነገር ጨምራችሁ አስጽፉ። ወለዱ እስከ መጨረሻው የጸና ነው ወይስ ባንኩ ሊያሻሽለው ይችላል? ቀድሜ ብከፍል ቅጣት አለው?

ከወለድ ነፃ አገልግሎት የምትጠቀሙ ከሆነ ሒሳቡ ይቀላል። በሙራባሃ (ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፍ ጨምሮ በሚሸጥላችሁ ውል) ባንኩ የገዛበት ዋጋና የጨመረው ትርፍ ውሉ ላይ ይቀመጣል። እናንተ የምታወዳድሩት የመጨረሻውን ድምር ነው።

ደረጃ 2፦ የወሩን ክፍያ ራሳችሁ አውጡ

በቀሪ ዕዳ ላይ ለሚሰላና በየወሩ እኩል ለሚከፈል ብድር፣ ለእያንዳንዱ 100,000 ብር በወር የሚከፈለው ይህ ነው።

- በ14 በመቶ፦ ለ10 ዓመት 1,553 ብር፣ ለ15 ዓመት 1,332 ብር፣ ለ20 ዓመት 1,244 ብር
- በ16 በመቶ፦ ለ10 ዓመት 1,675 ብር፣ ለ15 ዓመት 1,469 ብር፣ ለ20 ዓመት 1,391 ብር
- በ18 በመቶ፦ ለ10 ዓመት 1,802 ብር፣ ለ15 ዓመት 1,610 ብር፣ ለ20 ዓመት 1,543 ብር

ብድራችሁ 700,000 ብር ከሆነ በ7 አባዙ። 1,000,000 ከሆነ በ10። ባንኩ ከነገራችሁ ጋር አስተያዩት። የጥቂት ብር ልዩነት ከማጠጋጋትና ከቀን አቆጣጠር ይመጣል። ልዩነቱ በመቶዎች የሚቆጠር ብር ከሆነ ግን ውስጡ ሌላ ነገር ገብቷል ማለት ነው፤ መድን ሊሆን ይችላል፣ የአገልግሎት ክፍያም ሊሆን ይችላል። ይህን ደረጃ የምንሠራውም ለዚህ ነው። «ይኼ ከየት መጣ?» ብላችሁ ጠይቁ።

ደረጃ 3፦ በወሮቹ ቁጥር አባዙ፣ ከዚያ የመጀመሪያውን መስመር አንብቡ

1,000,000 ብር በ16 በመቶ ለ20 ዓመት በወር 13,912.56 ብር ነው። በ240 ወር ሲባዛ 3,339,014 ብር ይሆናል። ዋናው አንድ ሚሊዮን ሲቀነስ ወለዱ ብቻ 2,339,014 ብር። አንድ ቤት ለራሳችሁ፣ ከሁለት ቤት በላይ የሚያወጣ ብር ደግሞ ለወለድ እንደማለት ነው።

አሁን ሰንጠረዡን ክፈቱ። ባለፈው ክረምት የአክስቴ ልጅ ከፍኖተ ሰላም መጣች። በርበሬ ነጋዴ ናት። የባንኩን ሰንጠረዥ ዝናብ እንዳይነካው በፌስታል ጠቅልላ ይዛዋለች። «ወንድምዓለም፣ ዓመት ሙሉ አንድ ወር ሳላዛንፍ ከፍዬ ዕዳዬ አልቀነሰም። ተሳስተው ይሆን?» አለችኝ። ወረቀቱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግተን የመጀመሪያውን መስመር በእርሳስ ሠራነው።

1,000,000 ሲባዛ በ0.16፣ ሲካፈል ለ12፦ 13,333.33 ብር። ይህ የመጀመሪያው ወር ወለድ ነው። ከከፈለችው 13,912.56 ላይ ሲቀነስ የቀረው 579.23 ብር ነው። ዕዳዋን የነካው እሱ ብቻ ነው። በዓመቱ የከፈለችው ሲደመር 166,951 ብር፣ ዕዳዋ የቀነሰው ግን 7,484 ብር። ማንም አልተሳሳተም። ባንኩ ከየወሩ ክፍያ አስቀድሞ ወለዱን ይወስዳል፤ ዋናው የሚነካው በሚተርፈው ነው። ዝም ብላ ወረቀቱን አየችና «ቀድሞ ማን በነገረኝ» አለች። ይህን መመሪያ ለመጻፍ የተቀመጥኩት በዚያ ሳምንት ነው።

እናንተም ይህንኑ ሥሩ። ከዚያ ሰንጠረዡ ላይ ሁለት ቦታ በቀለም አስምሩ። አንዱ የ10ኛው ዓመት መጨረሻ ነው። በምሳሌያችን እስከዚያ 1,669,507 ብር ተከፍሎ 830,536 ብር ዕዳ ይቀራል። ሌላው ዕዳው ግማሽ የሚሆንበት ወር ነው። እሱ የሚገኘው 16ኛው ዓመት ሊያልቅ ሲል ነው። ይህን ማወቅ የሚጠቅመው ቤቱን መሃል ላይ ለመሸጥ ወይም ወደ ባሕር ዳር ለመዛወር ለሚያስብ ሰው ነው። «አሥር ዓመት ከፍያለሁ፣ ግማሹ የኔ ነው» ብሎ ማሰብ ያከስራል።

ደረጃ 4፦ ዘመኑን አሳጥራችሁ ሞክሩ

ከዚህ መመሪያ አንድ ደረጃ ብቻ የምትሠሩ ከሆነ ይህን ሥሩ። አብዛኛው ሰው ረጅሙን ዘመን የሚመርጠው የወሩ ክፍያ ስለሚቀልለት ነው። በምን ያህል እንደሚቀል ግን አይጠይቅም። ያው አንድ ሚሊዮን ብር፣ ያው 16 በመቶ፦

- ለ20 ዓመት፦ በወር 13,913 ብር፤ ጠቅላላ 3,339,014 ብር
- ለ15 ዓመት፦ በወር 14,687 ብር፤ ጠቅላላ 2,643,662 ብር
- ለ10 ዓመት፦ በወር 16,751 ብር፤ ጠቅላላ 2,010,157 ብር

ከ20 ወደ 15 ስትወርዱ በወር የሚጨምርባችሁ 774 ብር ነው። የሚቀርላችሁ 695,352 ብር። እደግመዋለሁ፤ በወር 774 ብር ጨምራችሁ ወደ ሰባት መቶ ሺህ የሚጠጋ ብር ታድናላችሁ። ምክንያቱን ደረጃ 3 ላይ አይታችሁታል። የ20 ዓመቱ ክፍያ ከወሩ ወለድ በ579 ብር ብቻ ነው የሚበልጠው። 774 ስትጨምሩ ዕዳውን የሚነካው ብር ከእጥፍ በላይ ይሆናል።

ስለዚህ ባንክ ቤት ስትቀመጡ የሦስቱንም ዘመን ሰንጠረዥ እንዲያትሙላችሁ ጠይቁ። አታፍሩ። ኮምፒውተሩ የሚሠራው በደቂቃ ነው።

ወለዱን መደራደር የምትችሉ ከሆነም ልፋቱ ዋጋ አለው። በ20 ዓመቱ ብድር ላይ ከ16 ወደ 15 በመቶ መውረድ 178,718 ብር ያድናል። ትልቅ ብር ነው። ግን ዘመኑን በአምስት ዓመት ከማሳጠር ጋር ሲተያይ ሩቡን ጥቂት ቢያልፍ ነው።

ደረጃ 5፦ ወለድ ያልሆነውን ወጪ ሰብስቡ

ደብተራችሁ ላይ ሁለት ዓምድ አስምሩ። በግራ አንድ ጊዜ የሚከፈለውን፣ በቀኝ በየዓመቱ የሚመላለሰውን ጻፉ።

አንድ ጊዜ የሚከፈሉት፦ የራሳችሁ መዋጮ፣ የባንኩ አገልግሎት ክፍያ፣ የቤት ግምት፣ የውል ማጽደቂያ፣ የቴምብር ቀረጥ፣ የስም ማዛወሪያ፣ የመያዣ ምዝገባ። የደላላ ካለ እሱም ይግባ። ብዙ ጊዜ ሻጭ «ግብሩን አንተ ቻለው» ይላል፤ ከተስማማችሁ እዚህ ይጻፍ።

በየዓመቱ የሚመላለሱት፦ የቤቱ የእሳት መድን፣ ባንኩ ከጠየቀ የተበዳሪው የሕይወት መድን፣ የቦታና የቤት ግብር፣ በሊዝ ከሆነ የሊዙ ዓመታዊ ክፍያ፣ እድሳት። የጎጃም ክረምት ጣራና ቦይ ላይ እንደሚበረታ ታውቃላችሁ፤ እድሳትን ዜሮ ብላችሁ አትጻፉ። የዓመቱን ድምር በብድሩ ዓመታት አባዙት። መድኑ ለምሳሌ 5,000 ብር ቢሆን በ20 ዓመት 100,000 ብር ነው። ትንሽ የሚመስለው ነገር ሲባዛ ነው የሚታየው።

ሰው የማያስበውን አንድ ነገር ልጨምር። በፍትሐ ብሔር ሕጉ የመያዣ ምዝገባ የሚጸናው ለ10 ዓመት ነው። የ20 ዓመት ብድር ከሆነ መሃል ላይ መታደስ አለበት። የማደሻውን ወጪ ማን እንደሚሸፍን ውሉ ላይ ፈልጉ።

ድምሩን ከደረጃ 3 ጋር አገናኙ። ቤቱ 1,400,000 ብር ሆኖ 400,000 ከራሳችሁ ብታዋጡ፣ መዋጮው ሲደመር ብቻ 3,739,014 ብር ደርሷል። የቀሩትን ክፍያዎች ጨምሩበት። እውነተኛው የቤቱ ዋጋ ይኼ ነው።

ደረጃ 6፦ ወለዱ ቢጨምርስ ብላችሁ ፈትኑት

ብዙ ውሎች ባንኩ ወለዱን እንዲያሻሽል ይፈቅዳሉ። ይህ የሩቅ ነገር አይደለም። በጥቅምት 2010 ብሔራዊ ባንክ ለቁጠባ የሚከፈለውን ዝቅተኛ ወለድ ከ5 ወደ 7 በመቶ ሲያሳድግ ብዙ ባንኮች የብድር ወለዳቸውንም አሻሽለዋል።

16 የነበረው 18 በመቶ ቢሆን የ20 ዓመቱ ክፍያ በወር 15,433 ብር ይገባል። የ1,521 ብር ጭማሪ ነው፤ እስከ መጨረሻው ሲታሰብ ወደ 365,000 ብር።

ጥንቃቄ፦ ወለዱ ጨምሮ የወሩ ክፍያ ካልጨመረ አትደሰቱ። ከአንድ ዓመት በኋላ ቀሪ ዕዳው 992,516 ብር ነው። በ18 በመቶ የወሩ ወለድ 14,888 ብር ይሆናል። እናንተ 13,913 እየከፈላችሁ ከሆነ በየወሩ ወደ 975 ብር እየጎደለ ዕዳው ያድጋል። የወለድ ለውጥ ደብዳቤ ሲደርሳችሁ በዚያው ሳምንት ባንክ ሄዳችሁ አዲስ ሰንጠረዥ ጠይቁ።

ከዚያ ያለፉትን 12 ወራት ገቢያችሁን አውጡ። ጤፍ ወይም በርበሬ የሚነግድ ሰው በታኅሣሥና በጥር እጁ ይሞላል፤ ሐምሌና ነሐሴ ላይ ይደርቃል። ፈተናው የዓመቱ አማካይ ገቢ አይደለም። በደረቁ ወር 15,433 ብር ከየት ይመጣል? መልስ ከሌላችሁ ብድሩን ቀንሱ፣ ወይም ክፍያው ከገቢያችሁ ወቅት ጋር እንዲገጥም ከመፈረማችሁ በፊት ጠይቁ።

ደረጃ 7፦ ቤት ለምትሠሩ፣ የእፎይታ ጊዜን ዋጋ አስሉ

ለመሥሪያ የሚበደር ሰው ብዙ ጊዜ «አንድ ዓመት አትከፍልም» ሲባል ደስ ይለዋል። ወለዱ ግን አይተኛም። አንድ ሚሊዮኑ በአንድ ጊዜ ቢለቀቅ የዓመቱ ወለድ 160,000 ብር ነው። ይህ ወደ ዋናው ከተደመረ መክፈል የምትጀምሩት 1,160,000 ብር ነው። የወሩ ክፍያ 16,139 ብር ይሆናል። በ20 ዓመት ውስጥ የዚያች አንድ ዓመት እፎይታ ዋጋ 534,242 ብር ነው።

መፍትሔው ብሩ ሥራው በደረሰበት ልክ ደረጃ በደረጃ እንዲለቀቅ ማድረግና በእፎይታው ጊዜ ቢያንስ ወለዱን እየከፈሉ መቆየት ነው። ብሎኬትና ብረት ገና ሳታዙ ሙሉውን ብር አታስለቅቁ።

ደረጃ 8፦ ትርፍ ብር ሲገኝ ዋናው ላይ ጣሉት

ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ በወር 1,000 ብር ብትጨምሩ የ20 ዓመቱ ብድር በ14 ዓመት ከ2 ወር ያልቃል። ወደ 811,000 ብር ይቀርላችኋል። ጊዜው ወሳኝ ነው፤ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የሚጨመር ብር በ15ኛው ዓመት ከሚጨመረው እጅግ ይበልጣል። ብዙ ወራት ወለድ ያስቀራልና።

አከፋፈሉ ላይ ግን ጥንቃቄ ይፈልጋል። ብሩን ዝም ብላችሁ ሒሳባችሁ ውስጥ ካስገባችሁት ለሚቀጥለው ወር ክፍያ ሊቆይ ይችላል። «ይህ ብር ከዋናው ብድር ይቀነስልኝ» ብላችሁ በጽሑፍ አመልክቱ። በማግሥቱ ቀሪ ዕዳችሁን አሳትሙና ቁጥሩ መውረዱን በዓይናችሁ እዩ።

ቁጠባ ላይ 7 በመቶ የሚወልድ 100,000 ብር በዓመት 7,000 ያስገባላችኋል። ያው ብር ዕዳ ላይ ቢሆን 16,000 ያስቀርላችኋል። ስለዚህ ከመጠባበቂያ የተረፈውን አታስተኙት። መጠባበቂያው ግን ይኑር፤ የስድስት ወር ክፍያ የሚሆን ብር ሳይኖር ሁሉንም ዕዳ ላይ ማፍሰስ ሕመም የመጣ ቀን ያጋልጣል።

ደጋግሜ የማያቸው ስህተቶች

- መዋጮውን በዕቁብ ወይም ከዘመድ በተበደሩት ብር መሸፈንና ያንን ክፍያ ከሒሳቡ መርሳት። የዕቁቡን ጨምራችሁ ነው የወሩን ጫና የምታዩት።
- ከሻጭ ጋር የተስማሙበትን ዋጋ ባንኩ ይገምትልኛል ብሎ ቀብድ መክፈል። ባንኩ የሚያበድረው በራሱ ግምት ነው። ግምቱ ካነሰ ልዩነቱ ከኪሳችሁ ነው። ግምቱ ሳይወጣ ቀብድ አትስጡ።
- ቦታው ላይ ያልተከፈለ የሊዝ ዕዳ ወይም እገዳ መኖሩን ሳያጣሩ መዋዋል። ከተማው መሬት አስተዳደር ሄዳችሁ የዕዳና እገዳ ማጣሪያ ውሰዱ።
- ባልና ሚስት ለየብቻ መወሰን። የጋራ ቤት ሲያዝ የሁለቱም ስምምነት ይጠየቃል፤ ስለዚህ ሒሳቡንም አብራችሁ ሥሩት።

ጥንቃቄ፦ ክፍያ ሲያቅታችሁ አትደበቁ። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ በመያዣ የያዘውን ቤት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። የቅጣት ወለድም በዚያ ላይ ይታሰባል። አንድ ወር እንደሚዘገይባችሁ ስታውቁ፣ ቀኑ ሳይደርስ ሄዳችሁ የክፍያ ማራዘሚያ ጠይቁ። ደብዳቤ ከመጣ በኋላ መሄድና ቀድሞ መሄድ አንድ አይደለም።

ደረጃ 9፦ ከፍላችሁ ስትጨርሱ

የመጨረሻውን ብር ከፍላችሁ ወደ ቤት አትሂዱ። ከባንኩ የዕዳ ማጠናቀቂያ ደብዳቤ ውሰዱ። ደብዳቤውን ይዛችሁ መያዣው የተመዘገበበት መሥሪያ ቤት ሄዳችሁ ምዝገባውን አሰርዙ። ካልተሰረዘ ቤቱ መዝገብ ላይ እንደተያዘ ይቆያል፤ ልትሸጡት ወይም ለልጃችሁ ልታወርሱት ስትነሡ ያስቸግራል። ካርታውን ስትረከቡ ያስረከባችሁት ዋናው ቅጂ መሆኑን እዚያው ቁጥሩን አስተያዩ፤ ከሁሉም ደረሰኞች ጋር በአንድ ፋይል አኑሩት።